ያቃጠልሁት አገር

በቤቴ ተረት አይወራም ነበር። ከልክዬ ነው። ልጆች ከሕፃንነታቸው ያልሆነውን ሆነ ብለው መናገር ከለመዱ፣ አድገው በዳኛ ፊትም ያንኑ ይናገራሉ ብዬ አምን ነበር። አሁንም ውሸትን አልወድም። ነገር ግን ያልሆነን ነገር ማውራት ሁሉ ውሸት አለመሆኑን የተረዳሁት ዘግይቼ ነው፤ የተረዳሁትም በልጆቼ ሥቃይ ነው።

ዛሬ ናዝሬት የሚሏት አዳማ በዚያን ጊዜ ትንሽ ነበረች። ባቡሩ ይቆምበት የነበረው ጣቢያ፣ ጥቂት የቆርቆሮ ቤቶች፣ ብዙ የሣር ቤቶች፣ የቀረው አቧራና ግራር ነው። እኔ በጣቢያው መጋዘን ጆንያ ተቀባይ ነበርሁ። ከየአገሩ የሚመጣውን እህልና ቆዳ አስመዝኜ፣ ምልክት አድርጌ፣ የሚጫነውንና የሚቆየውን እለያለሁ።

ትምህርት ቤት አልገባሁም። ፊደል የለየሁት በአገሬ በቡልጋ የሰው በቅሎ እየጠበቅሁ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ ቆሜ ተማሪዎቹ ሲጮኹ በመስማት ነው። የፈረንጅ ቁጥር ደግሞ ከጆንያ ላይ ተማርሁ። መምህር ስላልነበረኝ ስሳሳት የምቀጣው ራሴን ነበር። ልጆች ሲወለዱልኝ ያንኑ ቅጣት ሳላሻሽል ለእነሱ አሳለፍሁ።

ትልቋ ልጄ ሴት ናት። ፊደል አስተማርኋት። የመቃ ብዕር ቀርጬ የሰጠኋት እኔ ነኝ። ከመጋዘን ባልደረቦቼ አንዱ ይህን ሲሰማ ከት ብሎ ሣቀብኝ።

«ሴት ልጅ ጽሕፈት ካወቀች ምን ትሆናለች? ክታብ ጻፊ ትሆናለች! ደግመሽብን ከቤት እንዳታስቀሪን በላት።»

ሌሎቹም ሣቁ። እኔ አልሣቅሁም። ነገሩ ቀልድ መሆኑን ባውቅም ከልቤ ገብቶ ቀረ። ምክንያት ነበረኝ። ልጅ ሳለሁ ታናሽ ወንድሜ ንዳድ ይዞት፣ አባቴ ከአንድ ደብተራ ክታብ አጽፎ አንገቱ ላይ አሰረለት። ረጅም የብራና ጥቅል ነው፤ ዐይን የተሣለበት፣ በቀይና በጥቁር ቀለም የተጻፈ። ወንድሜ ያንን እንደ ታቀፈ ሞተ። ከዚያ ወዲህ ዐይን የተሣለበት ነገር ባየሁ ቁጥር መንገድ እለውጣለሁ። በልጆቼ ቤት እንዲህ ያለ ነገር አይገባም ብዬ ምዬ ነበር።

ታናሹን፣ ወንዱን ልጄን፣ ንዳድ የያዘው ክረምቱ ሲወጣ ነው። አዳማ ቆላ ናት፤ በዚያ ወራት ትንኙ ሰው አያስቀምጥም። ልጁ አንድ ቀን ይንቀጠቀጣል፣ ሌላ ቀን እንደ ምድጃ ይነዳል፣ በመካከሉ ደኅና ሆኖ ይውልና ያታልለናል። ጣፊያው አብጦ ሆዱ ተነፋ። ከጣቢያው ፈረንጅ ለምኜ ኪኒን አመጣሁ። ግን እንዴት ይዋጥ? መራራ ነው። ይተፋዋል። በማር ሰጠነው፣ ማሩን ልሶ ኪኒኑን ተፋው። ቆጣሁት፣ አለቀሰና ተፋው።

ከዕለታት አንድ ቀን ከሥራ ስመለስ ኪኒኑን ያለ ምንም ጭቅጭቅ ውጦ አገኘሁት። በማግሥቱም ዋጠ። ፊቱም ትንሽ ጠራ። እኔም «አየሽ፣ ቁጣ ምን እንደሚሠራ» ብዬ ለባለቤቴ ተመጻደቅሁ። እሷ ቀና ብላ አየችኝና እንጀራውን መቁረሷን ቀጠለች።

አንድ እሑድ ከቅዳሴ መልስ ልጁን ፀሐይ ላሙቀው ብዬ ከመደቡ ሳነሣው ከትራሱ ሥር አንድ ጥቅል ዱብ አለ። ከዐረቡ ሱቅ የሚገኘው ስኳር መጠቅለያ ወረቀት ነው፤ እየተቀደደ፣ ጫፍ ለጫፍ በክር እየተሰፋ፣ ከቁመቴ ረዝሟል። ልጁን በራፉ ላይ ከፀሐዩ አስቀምጬ ዘረጋሁት። በጥላሸትና በቀይ አፈር ተሥሏል፤ ጥቁርና ቀይ። በመካከሉ ትልቅ ዐይን አለ። በዐይኑ ዙሪያ ግማሽ ጨረቃ የሚመስል ምልክት፣ የተደረደረ ነጠብጣብ፣ ክንዱን የዘረጋ እንጨት የሚመስልም አለ። ክብ ሆኖ በውስጡ ሁለት መሥመር የተጋደመበትም አለ፤ ይህ በየቦታው ተደጋግሟል። በምልክቶቹ መካከል ጽሕፈት ጣል ጣል ተደርጓል። አነበብሁት። «ቁም» ይላል። «ዐይንህን ክደን» ይላል። «እስክንመለስ እንዳትሄድ» ይላል።

ጥቅል፣ በሕመምተኛ ራስጌ፣ ዐይን ያለበት፣ የሚያዝዝ ቃል የተጻፈበት። የወንድሜ ክታብ ከመቃብር ወጥቶ ቤቴ የመጣ መሰለኝ። ጽሕፈቱ ደግሞ የልጄ ነው፤ እኔው እጇን ይዤ ያስተማርኋት ጽሕፈት።

ጠራኋት። መጣች።

«ይህን ማን ሰጠሽ?»

«ማንም አልሰጠኝም አባባ። እኔ ነኝ የሠራሁት።»

«አትዋሺ። የትኛው ደብተራ ነው ያስገለበጠሽ?»

«ደብተራ አላውቅም።»

«ይህ ዐይን የማን ነው?»

«የሐይቁ ነው።»

«ሐይቅ ዐይን አለው?»

«ያኛው አለው» አለችና፣ በፊቴ ያየችውን አይታ አቀርቅራ ቀረች።

ባለቤቴ ከጓዳ ብቅ አለች። «ኧረ ይተዉት፤ የልጅ ጨዋታ ነው።»

«አንቺም ታውቂ ነበር?»

ወደ ምድጃው ስራመድ ልጄ ከኋላ ልብሴን ያዘች። ልብሴን መያዝ ቀርቶ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ተናግራኝ የማታውቅ ልጅ ናት።

«አባባ፣ አያቃጥሉት! እሱ እዚያ ውስጥ ነው ያለው! ገና አልተሻገረም!»

ይህ ቃል ነው የጨረሰኝ። የወንድሟን ነፍስ በወረቀት ውስጥ አስራዋለች ማለት ነው ብዬ አመንሁ። ጥቅሉን እሳት ውስጥ ጨመርሁት። ክሩ ቀድሞ ተቃጠለና ወረቀቶቹ እየተላቀቁ አንድ በአንድ ነደዱ። ልጄን ገረፍኋት። አላለቀሰችም። ያለቀሰው በፀሐዩ ላይ ተቀምጦ የነበረው ወንድሟ ነው፤ «እኔስ? እኔስ በየት ልመጣ ነው?» እያለ።

እኔ ያን ጊዜ የዳንሁ መሰለኝ። ቤቴን አጸዳሁ አልሁ።

በማግሥቱ ልጁ ኪኒኑን ተፋ። አፍንጫውን ይዤ አፉን አስከፈትሁትና አስዋጥሁት፤ አስመለሰው። የሚቀጥለውም ቀን እንዲሁ። ከዚያ መንቀጥቀጡ ተመለሰ፣ ትኩሳቱም ብሶ ተመለሰ። «ውኃው ውስጥ ነኝ» ይላል። «ዐይኑ ተከፍቷል፤ አልወጣም» ይላል። እኅቱ አጠገቡ ተቀምጣ ላቡን ትጠርጋለች፤ ከአፏ ግን ቃል አይወጣም። አዘዝኋት፤ የታዘዘችውን ትሠራለች። ጠየቅኋት፤ «እሺ አባባ» ወይም «የለም አባባ» ትላለች። ሌላ ነገር የለም።

ወተት የምታመጣልን አንዲት አሮጊት ነበረች፤ ከአርሲ በኩል የመጣች፣ ከእኛ በታች ከብቶቿን ይዛ የምትኖር። ልጆቹ «አኮ» ይሏታል፣ በእሷ ቋንቋ አያቴ ማለት ነው። አማርኛዋ ማንንም አያከብርም፤ ዳኛውንም ቄሱንም «አንተ» ነው የምትለው። በዚያ ሳምንት ቅሏን ይዛ ገባች።

«አካም ቡልተኒ! እንዴት አደራችሁ? ልጁስ?» አለችና አይታው ፊቷ ተለወጠ። «ተሽሎት አልነበረም? ሐይቁን አልተሻገረም እንዴ?»

«የምን ሐይቅ?» አልሁ።

«የልጅቷ አገር ነዋ! ወረቀቱ የታለ?»

ባለቤቴ ወደ ምድጃው አየች። አኮ የእሷን ዐይን ተከትላ አየችና ቅሉን መሬት አስቀመጠች።

«አቃጠልከው? አገር ሙሉ አቃጠልክ? ያ ዋቃ! አምላኬ!»

«ክታብ ነበር» አልሁ። «ዐይን ነበረበት። ምልክት ነበረበት።»

ሣቀች። ልጄ እየነደደ፣ እኔ ዐይኔ ከእንቅልፍ ማጣት ቀልቶ፣ ሣቀችብኝ።

«ጨረቃ የመሰለችውን ነው የፈራኸው? እሷ የኔ ላም ጭን ላይ ናት። ከብቶቼን በጋለ ብረት የምተኩስባት ናት። ሂድና እያት፤ ላሜንም ታቃጥላት እንደ ሆነ። ልጅቷ መጥታ ‘አኮ፣ ከብትሽ ሄዶ ሲጠፋ በምን ታገኚዋለሽ?’ አለችኝ። ‘ምልክት አለበታ’ አልኳት። ‘እኛም አገር ተራራው ጠዋት ጠዋት ግጦሽ ይሄዳል፣ ማታ ሌላ ቦታ ነው የሚገባው’ አለች። ‘እንግዲያው ተኩሱት’ አልኳት።»

የቀረውን እሷና ባለቤቴ እየተቀባበሉ ነገሩኝ፤ በገዛ ቤቴ የሆነውን ለእንግዳ እንደሚነግሩት። ልጄ ለታመመው ወንድሟ አገር ፈጥራለት ኖሯል። የማይረጋ አገር ነው። እኛ የምንኖርበትም መሬት ቢሆን የታመነ አይደለም፤ ከቤታችን ጀርባ ያለው ሜዳ በዝናብ ጊዜ ተሰንጥቆ ትናንት የሄዱበት መንገድ ዛሬ ገደል ይሆናል፤ በሶደሬ በኩል ውኃ እየፈላ ከድንጋይ ሥር ይወጣል። ልጆቹ ይህን እያዩ ነው ያደጉ። በእሷ አገር ግን ሁሉም ነገር ይሄዳል። ተራራው ይሰደዳል፣ መንገዱ ይዞራል፣ ሐይቁ ዐይን አለውና ሲያይ ሰው አያሻግርም። ስለዚህ አገሩን የሚሥለው ሰው ምልክት ያስፈልገዋል፤ ምልክቱ ነገሩን የሚያሳይ ብቻ ሳይሆን የሚያዝዝም ነው። በተተኮሰ ተራራ ላይ ሰው ቢተኛ የትም ቢሄድ ይገኛል። ነጠብጣቡ ድልድይ ነው፤ እየዘፈኑ ካልሄዱበት ይፈርሳል።

«ነጠብጣቡ የእኔ ነው» አለች ባለቤቴ፤ አንገቷ ላይ ያለውን ንቅሳት እየነካች። ያን ንቅሳት ስንት ዓመት አይቼዋለሁ!

ክንድ የዘረጋው እንጨት ባቡሩን የሚያስቆመው የጣቢያው ምልክት ነው፤ በዚያ አገር የበር ጠባቂ ሆኗል። ሐይቁ ዐይኑን የሚከድነው ደግሞ ወንድሟ መራራውን ሲውጥ ነው። በዋጠ ቁጥር ትንሽ ይሻገራል። እኔ ወረቀቱን ያቃጠልሁት ልጁ ማዶ ሳይደርስ ከሐይቁ መካከል ቆሞ ሳለ ነው።

የክቡን ምልክት፣ ሁለት መሥመር የተጋደመበትን፣ ከየት እንዳመጣችው ሁለቱም አያውቁም ነበር። በበኩሌ የሁሉም ነገር ምንጭ እሱ ነው ብዬ የፈራሁት ያንን ነበር። በማግሥቱ መጋዘን ገብቼ ሥራዬን ጀመርሁ። ከዝዋይ በኩል የመጣ ቆዳ ነበር፤ እርጥበት ስላለው አይጫንም። ጠመኔ አነሣሁና እንደ ልማዴ ጆንያው ላይ ክብ አደረግሁ፣ በውስጡ ሁለት መሥመር አጋደምሁ። ይህ ጆንያ እስኪነገረው ድረስ ከዚህ አይነቃነቅም ማለት ነው።

ጠመኔውን እንደ ያዝሁ ምልክቱን መልሼ አየሁት።

ልጄ ምሳዬን ይዛልኝ በመጣች ቁጥር በር ላይ ቆማ ታየኝ ነበር። የሚሄደውን ሁሉ የሚያስቆም ምልክት ሲያስፈልጋት የአባቷን ወሰደች። በአገሯ ሁሉ የበተነችውም ያንን ነው። እኔ የገዛ እጄን ምልክት የሰይጣን ብዬ አቃጠልሁት።

እዚህ ላይ ለሚያነቡኝ አባቶች አንድ ነገር ልናገር። ያን ዕለት ማድረግ የነበረብኝ ቀላል ነበር፤ ቤት ገብቶ «በድዬሻለሁ» ማለት ነው። አላልሁም። አባት ለልጁ ይቅርታ ቢጠይቅ ቤት ይፈርሳል ብዬ አስብ ነበር። የጣቢያውን ፈረንጅ አስፈቅጄ ጥሩ ነጭ ወረቀት ይዤ ገባሁና አዘዝኋት።

«ያንን አገር መልሰሽ ሥሪ።»

«እሺ አባባ።»

ተቀምጣ ሣለች። ሥራዋ ንጹሕ ነው፤ ተራራ፣ መንገድ፣ ሐይቅ። ዐይን የለም። ጨረቃ የለም። በየተራራው አናት ላይ መስቀል አድርጋበታለች። ጽሕፈትም የለበትም። ለወንድሟ አሳየሁት። ልጁ ከንፈሩ ደርቆ ተሰነጣጥቋል፤ ወረቀቱን ረዘም ላለ ጊዜ አየው።

«ይሄ የቆመ አገር ነው» አለ።

«ከቆመማ ጥሩ አይደለም እንዴ?» አልሁት።

«እኔ ያለሁት እዚህ አይደለም» አለና ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ልጄን አየኋት። አቀርቅራለች። ያዘዝኋትን አድርጋለች፤ ምንም ጥፋት የለባትም። እኔ ያሳደግኋት እንደዚያ ነው። ኪኒኑ መዳፌ ላይ ነው፣ ልጁ ፊቱን አዙሯል፣ ትኩሳቱ ከሩቅ ይሰማኛል። ያን ጊዜ ምን እንደ ነካኝ አላውቅም፤ መሬት ላይ ቁጭ አልሁ። ጠመኔ ከኪሴ አወጣሁና ከነጩ ወረቀት አጠገብ፣ ወለሉ ላይ፣ ሐይቅ የሚመስል ነገር ለመሣል ሞከርሁ። ሥዕል አልችልም። የተጠበሰ እንቁላል መሰለ። በመካከሉም ክቡንና ሁለቱን መሥመር አደረግሁበት፤ ሐይቁ ይቁምለት ብዬ ነው።

ልጁ በትከሻው በኩል አሾልቆ አየ። ድንገት ጮኸ።

«እኔ ውስጡ እያለሁ አቆሙት! በቃ እዚያው ልቀር ነው!»

እኅቱ ሳታስበው «እሱ ለሐይቅ አይሆንም» አለች። ከሳምንት በላይ ከ«እሺ»ና ከ«የለም» በቀር ያልተናገረች ልጅ ያወጣችው የመጀመሪያ ቃል ነው። ወዲያው አፏን በእጇ ያዘች።

«ታዲያ ለሐይቅ ምንድን ነው የሚሆነው?» አልኋት።

የማላውቀውን ነገር ልጄን ስጠይቅ በሕይወቴ የመጀመሪያዬ ነበር። እስከዚያ ድረስ የምጠይቃት መልሱን ሳውቅ ብቻ ነው።

«ያ ምልክት ለተራራና ለመንገድ ነው» አለች፤ እኔን ሳይሆን ጠመኔውን እያየች። «ሐይቅ አይታዘዝም። ሐይቅ ይለመናል።»

«በምን ይለመናል?»

ጠመኔውን ከእጄ ወሰደች፤ በሁለት እጇ፣ ከአባት እንደሚቀበሉት። በእንቁላሌ ውስጥ ዐይን ሣለች። ከዐይኑ ሥር ትንሽ ሽፋሽፍት አደረገች። «አሁን መራራውን ሲውጥ ትንሽ ይከድነዋል» አለች። ልጁ ዞረ። አፉን ከፈተ። ዋጠ፤ ፊቱን አጨማደደ፤ «ከደነ?» አለ። «ከደነ» አለችው፣ ዐይኑንም በጠመኔው ግማሽ ድረስ ደፈነችው። «ሩጥ!»

ባለቤቴ ጓዳ ውስጥ ሆና አፍንጫዋን ስትጠርግ ሰማኋት።

ልጁ ዳነ። ቀስ እያለ፣ እየወደቀ እየተነሣ ዳነ። ወለሉ ሲሞላ ወደ ወረቀት ተመለሱ። ከሥራ ስመጣ አንዳንድ ጊዜ አጠገባቸው እቀመጥ ነበር፤ አንድ ሁለት ጊዜም በጨዋታቸው በቅሎ ጫኝ አድርገውኛል። ሰው ሲሰማው ደስ የሚል ነገር ይመስላል። ነገር ግን ያየሁትን ልናገር። ልጄ ከዚያ ወዲህ አዲስ ምልክት ባወጣች ቁጥር፣ ብዕሯን ወረቀቱ ላይ ከማሳረፏ በፊት ቀና ብላ እኔን ታይ ነበር። ትንሽ አየት ታደርገኝና ፊቴ ደኅና ከሆነ ትሥላለች። በቤት ከሌለሁ ደግሞ እናቷን «አባባ ምን ይሉ ይሆን?» ትላት ነበር። በፊተኛው ወረቀት ላይ፣ ባቃጠልሁት ላይ፣ ማንንም ሳታይ የሄደች እጅ ነበረች። ያቺ እጅ አልተመለሰችም። ወንድሟ ድኖ ሜዳ መሮጥ ሲጀምር መሣሉን ተወች። «አገሩስ?» ብላት «አለ አባባ» አለችኝ።

አድርሼ ዳርኋት። ባሏ ቡልቡላ ላይ የሚነግድ ደኅና ሰው ነው። ከጥቂት ጊዜ በኋላ፣ ከጦርነቱ በፊት፣ በበቅሎ ልጠይቃት ሄድሁ። መንገዱ ረጅም ነው፤ በሐይቆቹ ዳር እየሄድሁ የምለውን ቃል ሳስተካክል ነበር። የንስሐ አባቴ ነገሩን ሰምተው ፈትተውኛል፤ ለራሴ ግን የተፈታሁ አልመሰለኝም። የተበደለችው ሌላ ናት።

ቤቷ እንደ ገባሁ ውኃ አሙቃ አቀረበችና እግሬን ልታጥብ ተንበረከከች፤ ለአባት እንደሚደረገው። ከተማውን፣ እናቷን፣ ወንድሟን ጠየቀችኝ። ባሏ ወደ ገበያ ወጥቶ ነበር። ያን ጊዜ ተናገርሁ።

«ያን ወረቀት በማቃጠሌ በድዬሻለሁ። ደግሞም ገርፌሻለሁ። ያለ ጥፋትሽ ነው። ይቅር በዪኝ።»

እጇ ተረከዜ ላይ ቆመ። ከዚያ ማጠቧን ቀጠለች።

«ኧረ አባባ፣ የምን ወረቀት? እኔ እኮ አላስታውስም።»

አቀርቅራ ስለ ነበር ፊቷ አይታየኝም። ረስታው ይሆናል፤ ልጅ ነበረች። ወይም ደግሞ አልረሳችውም። ልጅ አባቱን «በድለውኛል» አይልም ብዬ ያስተማርኋት እኔ ነኝ፤ ይቅር ብዬዎታለሁ ለማለት ደግሞ መጀመሪያ በድለውኛል ማለት ይኖርባታል። ያን እንድትል አድርጌ አላሳደግኋትም። ስለዚህ የትኛው እንደ ሆነ የምለይበት መንገድ የለኝም፤ መንገዱን የዘጋሁት ራሴ ነኝ።

«ያስታወስሽ ቀን ንገሪኝ» አልኋት። «አልቆጣም።»

«እሺ አባባ» አለች። እግሬን በጨርቅ አደረቀችልኝ፣ ሳህኑን አንሥታ ወጣች፣ ውኃውን ደጅ ስትደፋው ሰማሁ። ተመልሳ ምሳ አቀረበች። ስለ ዝናቡና ስለ እህል ዋጋ አወራን።

ዛሬ እሷም የልጆች እናት ናት። እስካሁን አልነገረችኝም።